የወሎ ረሃብና የሐሙስ ማታው ግማሽ ሰዓት

ዛሬ የማነሣው ጉዳይ ከሩቅ ሲታይ የእንግሊዞች ይመስላል፤ በብሪታንያ ይተላለፍ ስለነበረ አንድ ሳምንታዊ የቴሌቪዥን ፕሮግራም ነውና። የነገሩ ባለቤቶች ግን እናንተ ናችሁ። እዚህ ጅዳ፣ ኑዝላ ሰፈር ውስጥ ከራያና ቆቦ፣ ከየጁ፣ ከአምባሰል፣ ከላስታ፣ ከቃሉ የመጣ ሰው ለማግኘት ብዙ መድከም አያስፈልግም፤ ያ ፕሮግራም በጥቅምት 1966 ዓ.ም. ለዓለም ያሳየው የወሎን ሕዝብ፣ የብዙዎቻችሁን ወላጆችና አያቶች ዘመን ነው። የምከራከርለት ሐሳብ አንድ ነው፦ የመከራ ምስል ብቻውን እውነትን አያቆምም። በታወቀ ቀንና ሰዓት እየተመለሰ የሚጠይቅ፣ ጠያቂነቱም በሕግ የተጠበቀ ዝግጅት ያስፈልገዋል። እንዲህ ያለ ዝግጅት በአገራችንና በቋንቋችን ስላልነበረን የራሳችንን ረሃብ ምስል ከሰው እጅ ተቀበልን፤ የተቀበልነውንም ባለጊዜው እንደሚበጀው አድርጎ ቆረጠው፣ ቀጠለው።

ፕሮግራሙ ‹‹ዚስ ዊክ›› ይባላል፤ ‹‹በዚህ ሳምንት›› እንደማለት ነው። የተጀመረው እ.ኤ.አ. በጥር 1956፣ በማስታወቂያ ገቢ የሚተዳደረው የብሪታንያ አይ ቲ ቪ ከተከፈተ ገና ዓመት ሳይሞላው ነበር። ከእርሱ ቀድሞ አሜሪካዊው ኤድዋርድ መሮ እ.ኤ.አ. በ1951 ‹‹ሲ ኢት ናው››ን ጀምሯል፤ በ1954ም ሴናተር ማካርቲን በገዛ ንግግሮቹ ሞግቶበታል። ቢቢሲ ደግሞ በ1953 ‹‹ፓኖራማ››ን ከፍቷል። እነዚህ ዝግጅቶች ከዜና የሚለዩት በአሠራራቸው ነው። ዜና የዕለቱን ነግሮ ያልፋል። እነርሱ ግን አንድ ጉዳይ ይመርጣሉ፤ ጋዜጠኛ፣ የካሜራና የድምፅ ባለሙያ ወደ ስፍራው ይልካሉ፤ ለዚያ ለአንድ ጉዳይ ግማሽ ሰዓት ይሰጣሉ፤ በሚቀጥለው ሳምንትም በዚያው ሰዓት ይመለሳሉ። ሹሙም ተመልካቹም ቀጠሮውን ያውቀዋል። የማስታወቂያ ጣቢያ ነጋዴ ነውና ምሽቱን በድራማና በጨዋታ ቢሞላው ይመርጥ ነበር። ነገር ግን ፈቃድ ሰጪው ባለሥልጣን ብዙ ሰው በሚያይበት ሰዓት ቁም ነገር ያለው ዝግጅት እንዲቀርብ ያስገድድ ነበር። ይህን ነጥብ በልባችሁ ያዙልኝ፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

እ.ኤ.አ. ከ1968 ጀምሮ ፕሮግራሙን የሚያዘጋጀው ቴምዝ ቴሌቪዥን ነበር። ሐሙስ፣ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ማታ ጆናታን ዲምብልቢ የተባለ የ29 ዓመት ጋዜጠኛ ከወሎ ይዞት የመጣው ፊልም ተላለፈ። አባቱ ሪቻርድ ዲምብልቢ እ.ኤ.አ. በ1945 ከቤልሰን የናዚዎች ማጎሪያ የዘገበ፣ በኋላም ‹‹ፓኖራማ››ን የመራ ሰው ነበር። የፊልሙ ርዕስ ‹‹ያልታወቀው ረሃብ›› ነው። በወሎ መጠለያዎች መሬት ላይ የተኮለኮሉ ቤተሰቦችን፣ እህል የሚጠብቁ ረጃጅም ሰልፎችን፣ ተጠቅልለው የሚወጡ ሬሳዎችን ያሳያል። የብሪታንያ ተመልካች ወዲያው እጁን ዘረጋ፤ በተከተለው የእርዳታ ጥሪ 1 ሚሊዮን ተኩል ፓውንድ ገደማ ተሰበሰበ። በዚያ ሳምንት የዓለም ጆሮ ሌላ ቦታ እንደነበር ማስታወስ ደግ ነው። የጥቅምቱ የአረብና የእስራኤል ጦርነት እየተካሄደ ነበር፤ ፊልሙ በታየበት ሐሙስ ዋዜማም የአረብ ነዳጅ አምራች አገሮች ኩዌት ላይ ተሰብስበው ምርት ለመቀነስ ተስማምተዋል። ያን ሁሉ ጩኸት አልፎ የወሎ ሰው መታየት የቻለው ሐሙስ ማታ የራሱ የሆነ፣ ለሌላ የማይሰጥ ቦታ ያለው ፕሮግራም ስለነበረ ነው።

እዚህ ላይ የመጀመሪያው ተቃውሞ ይነሣል፤ ተገቢም ነው። ‹‹ረሃቡ ለማን ነው ያልታወቀው? ነገሩ ፀሐይ የሞቀው አገር ያወቀው አልነበረም ወይ?›› የሚል ነው። ነበር። በ1965 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ሰብሉ መክሸፉ በግብርና ሚኒስቴር ተገምግሞ ነበር፤ ለሕዝብ ግን አልተነገረም። እርዳታ ፍለጋ ወደ አዲስ አበባ የተመሙ የወሎ ገበሬዎችን ፖሊስ መልሷቸዋል። በዚያው ዓመት ፕሮፌሰር መስፍን ወልደ ማርያምን ጨምሮ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ወሎ ሄደው ያነሡት ፎቶግራፍ በዩኒቨርሲቲው ግቢ ለዕይታ ቀርቧል፤ ተማሪዎችም በዚህ የተነሣ ድምፃቸውን አሰምተዋል። ስለዚህ ‹‹ያልታወቀው›› የሚለው ርዕስ ለለንደን እንጂ ለደሴ አይሠራም። ሐበሻ ሳያውቅ ፈረንጅ አወቀ የሚለውን ታሪክ አልቀበለውም፤ እነዚያን መምህራንና ተማሪዎች ይበድላል። ጎዳናውን በእግሩ የጀመረውን የወሎ ገበሬ ደግሞ ከሁሉ በላይ ይበድላል፤ የራሱን ረሃብ ለመንግሥት ሊያስረዳ የተነሣ የመጀመሪያው ዘጋቢ እርሱ ነውና።

ተቃውሞው ግን ክርክሬን ያጠናክረዋል እንጂ አያፈርሰውም። አገር ውስጥ እውቀቱ ነበረ፤ ፎቶግራፉም ነበረ። ያልነበረው እውቀቱን ከግቢ አውጥቶ በሕዝብ ፊት የሚያቆም መድረክ ነው። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በጥቅምት 1957 ዓ.ም.፣ በንጉሠ ነገሥቱ የዘውድ በዓል ዕለት ሥራ ጀምሯል፤ ይህች የምንኖርባት ጅዳ ቴሌቪዥን ያየችው በቀጣዩ የፈረንጆች ዓመት፣ በ1965 ነው። ረሃቡ ሲጀምር እንግዲህ ጣቢያችን ስምንት ዓመት ያህል ሠርቷል። ባለሙያ አልጎደለውም፤ ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የሚወስድ መንገድም አልጎደለውም። ጣቢያው በማስታወቂያ ሚኒስቴር ሥር ነበር፤ ሚኒስትሩ ያላለውን ‹‹ወሎ ምን ሆነ?›› ብሎ በሳምንቱ ተመልሶ የሚጠይቅ ዝግጅት አልተፈቀደለትም። ሥርጭቱ በአዲስ አበባና በዙሪያዋ የተወሰነ ስለነበረም የወሎ ሰው ስለራሱ የተነገረውንም ሆነ የተሰወረውን የሚያይበት መስኮት አልነበረውም።

ወደ ዋናው ማስረጃዬ ልምጣ። ፊልሙ በለንደን ከታየ ከአሥራ አንድ ወር ገደማ በኋላ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም.፣ በአዲስ ዓመት ምሽት፣ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታየ። ያሳየው ደርግ ነው። የታየው ግን ሐሙስ ማታ የተላለፈው ፊልም አልነበረም። በረሃብተኞቹ መካከል የቤተ መንግሥት ግብር፣ ድግስና ሠርግ፣ ንጉሠ ነገሥቱ ውሾቻቸውን ሲመግቡ የሚያሳይ ምስል ገብቶበታል። ሕፃን ይታያል፣ ወዲያው ኬክ ይታያል፤ ሬሳ ይታያል፣ ወዲያው ብርጭቆ ይታያል። ንጉሠ ነገሥቱም እንዲመለከቱት ተነግሯቸው ነበር። በማግስቱ መስከረም 2 ጠዋት ከኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥት ወጥተው በፎልስዋገን መኪና ተወሰዱ።

‹‹ውሸት የቱ ላይ አለ? ድግሱም እውነት፣ ረሃቡም እውነት›› የሚል ሰው ይኖራል። እውነቱን ነው፤ ሁለቱም ነበሩ። የእኔ ጥያቄ ሁለቱን ያገናኘው መቀስ ምን ጠየቀ፣ ምንስ እንዳይጠየቅ ዘጋ የሚለው ነው። ዲምብልቢ በፊልሙ ንጉሠ ነገሥቱን በቀጥታ አልከሰሰም፤ ሰው እየሞተ ነው፣ ድረሱልን ነበር ያለው። የደርግ ቅንብር ግን ጥያቄውን ሁሉ ወደ አንድ ሰው ፊት አጠፈው። የመሬት ሥሪቱ፣ የጭሰኛው እዳ፣ የግብርናው ግምገማ በማን ጠረጴዛ ላይ እንደቀረ፣ ገበሬዎቹን ከመንገድ የመለሰው ትእዛዝ ከየት እንደመጣ፣ ይህ ሁሉ በአንድ ምሽት ከሕዝብ ዓይን ወጣ። እነዚህን ነገሮች እንዲያጣራ የመርማሪ ኮሚሽን ተቋቁሞ ነበር። ሥራው ፍሬ ሳያፈራ፣ ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. 60 ያህል ሰዎች ያለ ፍርድ ቤት ውሳኔ ተረሸኑ፤ የቀድሞው ጠቅላይ ሚኒስትር አክሊሉ ሀብተ ወልድ ከእነርሱ አንዱ ናቸው። ምስል የምርመራን ቦታ ሲወስድ የሚከተለው ይህ ነው። የወሎ ሟቾች ፍትሕ የሚገባቸው ነበሩ፤ የሟቾቹ ቁጥር እንኳ እስከ ዛሬ ከ40 ሺህ እስከ 200 ሺህ በሚደርስ ግምት መካከል ይዋልላል። በስማቸው ሰው ተገደለ፤ የእነርሱን ሞት በዝርዝር የመረመረ ችሎት ግን አልተሰየመም።

አንዳንዶች ደግሞ ‹‹ንጉሡን የጣላቸው ያ ፊልም ነው›› ይላሉ፤ የቴሌቪዥንን ጉልበት ለማሳየት ነው። እኔ አልስማማም። ጥር 1966 ላይ በነገሌ ቦረና የነበረው ጦር አምጿል። በየካቲት መምህራን በትምህርት ፖሊሲው ላይ ተነሡ፤ ነዳጅ በዓለም ገበያ ሲወደድና የቤንዚን ዋጋ ሲጨምር የአዲስ አበባ ታክሲ ነጂዎች ሥራ አቆሙ። የጠቅላይ ሚኒስትር አክሊሉ ካቢኔ በዚያው ወር ሥልጣን ለቀቀ። ከዚያ በኋላ ለወራት ደርግ ባለሥልጣናትን አንድ በአንድ ሲያስር ከርሟል። መስከረም 1 የታየው ፊልም አስቀድሞ ለተወሰነ ነገር የሕዝብን ልብ ማዘጋጃ ነበር። ይህን መለየት ይበጃል፤ ፊልም መንግሥት ይጥላል ብለን ካመንን መንግሥታትም ካሜራን እንዲፈሩት ምክንያት እንሰጣቸዋለን። ደህና የተሠራ የወቅታዊ ጉዳዮች ዝግጅት ሥራው ከዚያ ያነሰ፣ ግን የሚሰነብት ነው፤ ባለሥልጣን መልስ እንዲሰጥ ማድረግ፣ መልሱ ካልበቃም በሌላ ሳምንት ተመልሶ መጠየቅ።

ደርግ ራሱ ከዚያ ፊልም የተማረው ምን እንደነበረ አሥር ዓመት ቆይቶ ታየ። በሰባ ሰባቱ ረሃብ ጊዜ። የእርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን በመጋቢት 1976 ዓ.ም. ለለጋሾች ችግሩን አስረድቶ ነበር። የአብዮቱ አሥረኛ ዓመት በዓል ግን በመስከረም 1977 በታላቅ ድምቀት ተከበረ፤ ቴሌቪዥናችንም በዚያው ሰሞን ባለቀለም ሆነ። በዓሉ እስኪያልፍ የሰሜኑ ረሃብ በዚያ ባለቀለም መስኮት ቦታ አላገኘም። ዓለም የነቃው የቢቢሲው ማይክል በርክና ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ መሐመድ አሚን ከኮረም ይዘውት የወጡት ዘገባ ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ሲተላለፍ ነው። ያው ወሎ፣ ያው የጥቅምት ወር፣ ያው ለንደን። ንጉሡን ረሃብ በመደበቅ የከሰሰው ቴሌቪዥን ለአዲሱ ጌታ ሲሆን ደበቀ። ጣቢያው፣ ስቱዲዮውና አብዛኛው ባለሙያ አልተለወጠም፤ የጠያቂው ወንበር በሁለቱም ዘመን ባዶ ነበር።

ከውጭ የመጣው ካሜራም ጉድለት ነበረበት፤ ይህን ሳልናገር ባልፍ ሚዛኔ ይዛባል። አማርትያ ሴን እ.ኤ.አ. በ1981 ባሳተመው የድህነትና የረሃብ ጥናቱ ስለ ወሎ ያሳየው ነገር ከማናቸውም ፊልም ይልቅ ያስደነግጣል። እ.ኤ.አ. በ1973 በኢትዮጵያ በጠቅላላው የነበረው እህል ከወትሮው እምብዛም አልቀነሰም፤ በደሴ ገበያም ዋጋው ያን ያህል አልናረም፤ እንዲያውም ከወሎ ወደ ውጭ የሚጫን እህል ነበር። ሰው የሞተው እህል ጠፍቶ ሳይሆን የሚገዛበት አቅም አጥቶ ነው፤ ሰብሉ የከሸፈበት ገበሬ ከብቱን በርካሽ ሸጦ እህል ሊገዛ አልቻለም። የአፋር አርብቶ አደር ደግሞ ድርቁ ከመምጣቱ በፊት በአዋሽ ዳር ያለውን ምርጥ የግጦሽ መሬት ለጥጥ እርሻ ለቋል፤ ከእነዚያ እርሻዎች ታላቁ ተንዳሆ ሚቼል ኮትስ የተባለ የእንግሊዝ ኩባንያ የሚመራው ነበር። ይህን የመሰለ ነገር በአንድ የመጠለያ ምስል አይታይም። ከሲታ ሕፃን አይቶ ብር የሰደደ የለንደን ሰው ስለ አዋሽ ጥጥ የሚጠይቅበት ምክንያት አልነበረውም። የውጭ ተመልካች የሚፈልገው ልቡን የሚነካ ነገር ነው፤ የአገሩ ተመልካች ግን ከርኅራኄ አልፎ ምክንያት ይፈልጋል፤ ነገ የሚኖረው እዚያው ነውና። የራሳችን ዝግጅት ያስፈልገን ነበር የምለው ለዚህ ነው። ደሴ ገበያ ገብቶ የማሽላና የጤፍ ዋጋ የሚጠይቅ፣ የጭነት መኪናዎቹ ወዴት እንደሚሄዱ የሚከተል፣ በሳምንቱም አሳይታ ወርዶ የአፋር ሽማግሌ የሚያነጋግር ዝግጅት።

‹‹የእንግሊዝ ጋዜጠኛ ነፃነቱ ከባህሉ የመጣ ነው፤ ለእኛ አይሆንም›› የሚለውን ክርክርም ሰምታችሁ ይሆናል። ቅድም በልባችሁ ያዙልኝ ያልኩት ነጥብ እዚህ ይጠቅመናል። እ.ኤ.አ. በ1988 ‹‹ዚስ ዊክ›› የብሪታንያ ወታደሮች በጂብራልታር ሦስት የአይሪሽ ታጣቂ ድርጅት አባላትን እንዴት እንደገደሉ የሚመረምር ፊልም አዘጋጀ። የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ጂኦፍሪ ሃው ሥርጭቱ እንዲዘገይ ጠየቁ። የብሮድካስት ባለሥልጣኑ እንቢ አለ፤ ፊልሙ ታየ። ብርቱ ውርጅብኝ ቢደርስበትም በኋላ የተካሄደው ገለልተኛ ማጣሪያ የአዘጋጆቹን ሥራ በአመዛኙ ደግፏል። ታዲያ በ1990 የወጣው የብሮድካስት ሕግ የጣቢያ ፈቃድን ወደ ጨረታ ወሰደው፤ ቴምዝ ጨረታውን ተሸነፈ፤ በ1992 መጨረሻ ሠላሳ ስድስት ዓመት የቆየው ዝግጅት ተዘጋ። ያቆመው ባህል ብቻ ቢሆን ኖሮ ባልተዘጋ ነበር፤ ባህሉ በ1992 አልጠፋምና። ዝግጅቱን ያኖረው ሕጉና ቦታውን የሚጠብቅለት ተቋም ነበር፤ እነዚያ ሲለወጡ በእንግሊዝም ወደቀ። ሕግና ተቋም ደግሞ የትኛውም ሕዝብ ሊያቆማቸው የሚችላቸው ነገሮች ናቸው።

የመጨረሻው ተቃውሞ ከወጣቶቻችን የሚመጣ ነው። ‹‹ዛሬ ሁሉም ሰው ኪሱ ውስጥ ካሜራ አለ፤ ማን ቴሌቪዥን ይጠብቃል?›› ይላሉ። ስልኩ ትልቅ ነገር እንደሠራ አልክድም። በነሐሴ 2012 ዓ.ም. በኮሮና ምክንያት በሳዑዲ ዓረቢያ በጂዛን አካባቢና በሌሎች ማቆያዎች ውስጥ የነበሩ ኢትዮጵያውያን በድብቅ ያነሡት ምስል በአንድ ሳምንታዊ ጋዜጣ ላይ ወጥቶ ብዙ ሰው አነጋገረ። ምስሉን ያነሣው የወገናችን እጅ ነበር። የታተመው የት ነው? ለንደን። ከዲምብልቢ ፊልም በኋላ አርባ ሰባት ዓመት ቆይቶ፣ ካሜራው በእጃችን እያለ፣ ጥያቄው አሁንም እዚያው ሄዶ ተጠየቀ። ምስሉ ከአንዱ ስልክ ወደ ሌላው ሲዘዋወር መቼ፣ የት፣ በማን እንደተነሣ ይጠፋል፤ ማንም ያሻውን ድምፅ ይለጥፍበታል፤ የመስከረም 1ዱ መቀስ ዛሬ በእያንዳንዳችን እጅ ነው። ያነሣውን የሚጠብቅ፣ ቀኑንና ቦታውን የሚያረጋግጥ፣ የሚመለከታቸውን ባለሥልጣናት ሁሉ መልስ የሚጠይቅ፣ ሰዎቹ አገር ከገቡ በኋላም ተከታትሎ የሚያናግር ዝግጅት ከሌለ ስልኩ ዋይታን ያበዛል፤ ጉዳዩን ግን አይዘጋውም።

ስለዚህ የማቀርበው ሐሳብ የሚጨበጥ ነው። በስደት ያለው ማኅበረሰባችን ለሠርግ፣ ለሐዘን፣ ለእድር ገንዘብ ማዋጣት ያውቅበታል። ከዚያ መዋጮ ጥቂቱ በሳምንት አንድ ቀን፣ ሰዓቱ ለማይለወጥ የግማሽ ሰዓት የአማርኛ ዝግጅት ይዋል። አዘጋጆቹ የሚቀጠሩት በሙያቸው እንጂ በወገንተኝነታቸው አይሁን፤ ገንዘብ ያዋጣው ሰው በሚጠየቀው ጥያቄ ላይ ሥልጣን እንዳይኖረው በጽሑፍ ይታሰር፤ የተሳሳተ ነገር ከወጣ በሚቀጥለው ሳምንት በዚያው ሰዓት ይታረም። የጅዳ ሕግና ሁኔታ ሁሉንም ለመናገር እንደማይፈቅድ አውቃለሁ፤ ዝግጅቱ አዲስ አበባ ተቀምጦ ከዚህ መረጃ ሊያገኝ ይችላል። ዋናው ቀጠሮው መከበሩ ነው። ለመጀመሪያው ሳምንት ደግሞ ጥያቄ አይጠፋም። በ2006 ዓ.ም. በተካሄደው የማስወጣት ዘመቻ ከ160 ሺህ በላይ ኢትዮጵያውያን ከሳዑዲ ዓረቢያ ወደ አገራቸው ተመልሰዋል። ቦሌ ሲደርሱ ካሜራዎች ተቀብለዋቸዋል፤ ብዙ ተለቅሷል፤ ብዙ ቃል ተገብቷል። ከእነርሱ ስንቱ ወሎ ገብቶ ሥራ አገኘ? ስንቱስ ዳግመኛ በኦቦክ በኩል ባሕሩን ተሻግሮ ተመለሰ? ለመቋቋሚያ የተባለው ድጋፍ በየትኛው ወረዳ ደረሰ፣ በየትኛውስ ቀረ? ጋዜጠኛ ልኮ በአንድ ወረዳ፣ በሐብሩ ወይም በቃሉ፣ ከቤት ቤት እየዞሩ መጠየቅ ይቻላል፤ ወረዳው የሰጠውን መልስ ማሰማት ይቻላል፤ በስድስተኛው ወር ወደዚያው ወረዳ መመለስም ይቻላል።